የመምህርት እቴነሽ የብረት ጉንጉን

መምህርት እቴነሽ ባልቻ አርፈዋል። በዚሁ በድሬዳዋ፣ ተወልደው ባደጉበት በከዚራ፣ ከግቢያቸው ዛፍ ጥላ ሥር ዘወትር በሚቀመጡበት ወንበር ላይ እንዳሉ ነው ያረፉት። ከከረመባቸው የልብ ሕመም ጋር የቀትሩ ሙቀት ተደርቦ እንቅልፍ የወሰዳቸው መስሎን ሳንቀሰቅሳቸው ቆይተናል። ይህን ሐዘን እስካሁን ያልሰማችሁ ወዳጆቻቸው ካላችሁ፣ ከእኔ በመስማታችሁ ይቅርታ አድርጉልኝ። እኔ እንኳን መርዶ፣ የሠርግ ጥሪም ሳደርስ ሰው የማስደነግጥ ሽማግሌ ነኝ።

ብዙዎቻችሁ በቀብሩ ዕለት ከመቃብሩ አጠገብ ዱላውን እያወዛወዘ የጮኸውን ራሰ በራ አይታችኋል። እኔው ነኝ። አብዲ እባላለሁ፤ የመጋላ ልጅ ነኝ። እናቴ ከኦሮምኛ በቀር ሌላ ሳታውቅ ሞተች፤ ልጇ ግን በአማርኛ አስተማሪነት ጡረታ ወጣ። ከመምህርት እቴነሽ ጋር በአንድ ኮሌጅ፣ እርሳቸው ኬሚስትሪ፣ እኔ አማርኛ ስናስተምር ኖረናል። በዚያ ሁሉ ዘመን አንቱ እየተባባልን ተሰዳድበናል። «አንቱ ራሰ በራ» ሲሉኝ ስድቡ እንኳ ክብር ነበረው።

ከቀብሩ ወዲህ በየባጃጁ «ጋሽ አብዲ ጃጁ» ይባላል አሉ። መጃጀቴን አልክድም። ዛሬ ጠዋት መነጽሬን ዓይኔ ላይ ሰክቼ መነጽሬን ስፈልግ ነበር። ያን ዕለት የጮህኩት ግን ጃጅቼ አይደለም። የጮህኩት ስለ አንድ ቃል ነው፤ ያም ቃል የመምህርት እቴነሽ የዕድሜ ልክ ሙግት ነበር። ነገሩን ከሥሩ ላስረዳችሁ።

መምህርት እቴነሽ ለሁለተኛ ዲግሪያቸው ያጠኑት በእንግሊዝኛ ክላስተር የሚባለውን የብረት አቶሞች ቁርኝት ነበር። እኔ ከኬሚስትሪ የማውቀው ጨውን ከስኳር መለየት ነው፤ እሱንም ቀምሼ። ስለዚህ እርሳቸው ባስረዱኝ ልክ ልናገር። አንድ ምስማር ስንይዝ ስፍር ቁጥር የሌላቸው አቶሞች ይዘናል። ክላስተር የሚባለው ግን ጥቂት የብረት አቶሞች፣ ሦስት ወይም አራት ወይም ስድስት፣ አንዳንዴም ከዚያ የበዙ፣ ለብቻቸው ተገናኝተውና እርስ በርስ ተያይዘው አንድ ሞለኪውል ሲሠሩ ነው። ሌሎች አቶሞች ከውጭ እንደ ልብስ ይከቧቸዋል። ዋናው ነገር ግን ልብሱ አይደለም፤ ውስጥ ያለው መያያዝ ነው።

ይህን በክፍል ሲያስተምሩ አንድ ቀን ከበር ቆሜ አይቻለሁ። ሦስት ሎሚ ሳህን ላይ አስቀመጡና «ይህ ክላስተር ነው?» አሉ።

«አዎ ቲቸር!» አለ ክፍሉ በአንድ ድምፅ።

«አይደለም! ይህ ለሰላጣ የተዘጋጀ ሎሚ ነው።»

ከዚያ ሎሚዎቹን በስቴኪኒ እርስ በርስ ወጋግተው አያያዟቸውና አንዱን ብቻ ይዘው ብድግ አደረጉት። ሁለቱም ተከትለው ተነሡ።

«አሁንስ? ተጠጋግቶ መቀመጥ አይበቃም። መያያዝ ያስፈልጋል። እርስ በርስ፣ በቀጥታ፣ መሃል ደላላ ሳይገባ!»

ደላላ የሚሉት በሁለት ብረቶች መካከል ገብቶ እንደ ድልድይ የሚያገናኛቸውን ሌላ አቶም ነው። ከኋላ ወንበር አንዱ፣ «አቦ ቲቸር፣ የድሬ ደላላ ኮሚሽን ሳይቀበል አያገናኝም» አለ።

«የኬሚስትሪውም ይቀበላል። እሱ የሚከፈለው በኤሌክትሮን ነው» አሉት። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። እኔም የምስቀው ገብቶኝ እንዲመስል ከሁሉ አስበልጬ ሳቅሁ።

ችግራቸው አንድ ነበር። ለዚህ ነገር በአማርኛ ስም አልነበረም። ግማሹ ተማሪ በቤቱ ኦሮምኛ፣ ሌላው ሶማሊኛ ወይም ሐረሪ የሚናገር ነው፤ እርስ በርስ የሚግባባው በአማርኛ ነው። እንግሊዝኛው ገና ሲጠራ ግማሹ ይፈራል። አንድ ጠዋት ቢሮዬ ገቡና «አንቱ የአማርኛ ሰው፣ ቃል አምጡልኝ» አሉ።

እኔም ሳላስብ «ዘለላ!» አልኳቸው። እንግሊዞቹ ራሳቸው ስሙን ያወጡት ከወይን ዘለላ አይደል ወይ? ኮራሁ። ጉሮሮዬን ጠራርጌ ሳልጨርስ በባጃጅ ጭነው ቀፊራ ገበያ ወሰዱኝ። ፍራፍሬ ከምትሸጥላቸው ከደንበኛቸው ከሃሊማ ፊት አንድ የወይን ዘለላ አነሡ። ቦርሳቸውን ከፍተው መቀስ አወጡና ፍሬዎቹ የተንጠለጠሉበትን ቀጭን እንጨት እዚህም እዚያም ቆራረጡት። ወይኑ መሬት ላይ ተበተነ።

«ያ ረቢ!» ሃሊማ ጮኸች። «ቲቸር አበዱ እንዴ? ወላሂ ገና አሁን መዘርጋቴ ነው!»

«እገዛዋለሁ ሃሊማ፣ አትጩሂ። አንቱ ይመልከቱ። ፍሬው ፍሬውን ይዞት ነበር? አልያዘውም። ሁሉም የተንጠለጠለው በእንጨቱ ነው፤ እንጨቱ ሲቆረጥ ሁሉም በየፊናው ሄደ። ዘለላ የደላላ ሥራ ነው!»

«ታዲያ በድንች አያሳዩትም ነበር?» አለች ሃሊማ። «ድንች ታጥቦ ይሸጣል!»

ወይኑን የለቀምኩት እኔ ነኝ። ጎንበስ እንዳልኩ ወገቤ ተያዘና እስከ መጋላ ድረስ እንደ ጥያቄ ምልክት ተቆልምሜ ገባሁ።

ቃሉን ያገኘሁት በማይገባኝ ቦታ ነው። ባለቤቴ በራፋችን ላይ የልጅ ልጃችንን ፀጉር ትጎነጉናለች፤ እኔ በሌለኝ ሀብት ዓይኔን እያቁለጨለጭኩ እመለከታለሁ። አየሁ፤ ሁለት ክፋይ ፀጉር ይዛ ጠምዝዛ ስትለቀው ተፈታ። ሦስተኛውን ስትጨምር ግን አንዱ በአንዱ ላይ እየዞረ፣ አንዱ አንዱን እየያዘ ወረደ። ክር የለው፣ ማሰሪያ የለው። ከተቀመጥኩበት ብድግ ብዬ ስልኬን አነሣሁ።

«አገኘሁት፤ ጉንጉን!»

እንደ ልማዳቸው መመዘን ጀመሩ።

«ከስንት ጀምሮ ነው የሚጎነጎነው?»

«ከሦስት።»

«ሁለትስ?»

«ሁለት ይጠመዘዛል እንጂ አይጎነጎንም።»

«የሚይዘው ምንድን ነው?»

«ራሱ በራሱ።»

ሳቃቸው መጣ። «የሁለት አቶሞችንም ቁርኝት ክላስተር የሚሉ አልጠፉም፤ እኔ ግን ከሦስት ነው የምጀምረው። የብረት ጉንጉን! ለመሆኑ ራሰ በራ ሰው ጉንጉን አገኘ ብዬ ለማን ነው የማወራው? ማን ያምነኛል?»

በዚያ ሰሞን የሳይንስ ቃላት መፍቻ የሚያዘጋጁ ሰዎች አዲስ አበባ ላይ ስብሰባ ጠሩ። መምህርት እቴነሽም ሄዱ። ረቂቁ ላይ የተጻፈው «የብረት ክምችት» የሚል ነበር። እርሳቸው ተነሥተው ጉንጉንን አቀረቡ፤ ሎሚውንም ስቴኪኒውንም ከቦርሳቸው አወጡ። ሰብሳቢው ፈገግ ብለው፣ «መምህርት፣ ጉንጉን የሴቶች ፀጉር ነው፤ ለሳይንስ ይቀልላል» አሉ።

«እንግሊዞች ከወይን ሐረግ ሲቀጥፉት ሳይንስ ሆነ፤ እኔ ከራሴ ላይ ሳወርደው ለምን ይቀልላል? ክምችት ጎተራ ነው። በጎተራ ያለ ማሽላ አንዱ አንዱን ይዞ አያውቅም!»

እጅ ወጣ፤ ተሸነፉ። መፍቻው «ክምችት» ብሎ ታተመ። ድሬ ሲመለሱ ልቀበላቸው ወጣሁ። ማጽናኛ አዘጋጅቼ ነበር፤ አላስፈለገም።

«በዙብኝ እንጂ አልረቱኝም» አሉኝ። «ሻንጣዬን ይያዙ።»

በማግሥቱ ክፍል ገብተው ሰሌዳው ላይ ሁለቱንም ቃል ጻፉ። ከክምችት ሥር «ለፈተና»፣ ከጉንጉን ሥር «ለመረዳት» አሉ። ይህን የሰማ ተቆጣጣሪ መጥቶ ከኋላ ተቀመጠና ሲያበቁ፣ «መምህርት፣ የጸደቀውን ቃል ብቻ ቢጠቀሙ ይሻላል» አላቸው።

«ደስ ይለኛል» ብለው ጠመኔውን ዘረጉለት። «በጸደቀው ቃል ነገሩን ለእነዚህ ልጆች ያስረዱልኝ። ከገባቸው የእኔን አጠፋለሁ።»

ተቆጣጣሪው ሰዓቱን አየ። ሌላ ቀጠሮ ነበረው። ጠመኔው እርሳቸው ጋ ቀረ፤ ቃሉም ሰሌዳው ላይ።

ታዲያ እርሳቸው ግትር ብቻ ነበሩ የሚሉኝ አሉ። እነዚህ ሂንዲያን አያውቋትም። ሂንዲያ ከከተማው ወጣ ብሎ ካለው ከሐርላ የመጣች ልጅ ናት፤ ቀን በኢንዱስትሪ ፓርኩ ልብስ ትሰፋለች፣ ማታ ኮሌጅ ትማራለች። ድካሙ ሲበዛባት ትምህርቱን ተወችው። መምህርት እቴነሽ በዚያ ሙቀት ባጃጅ ተሳፍረው ሐርላ ድረስ ሄዱ። እኔንም ለአስተርጓሚነት ወሰዱኝ፤ መንገዱ ላይ ጥርሴ ሳይወልቅ በመድረሴ አመሰግናለሁ። የልጅቱን አባት ከከብቶቻቸው መሃል አገኘናቸው።

«ልጅዎ ካቆመች እኔም ማስተማር አቆማለሁ ብለው ይንገሩልኝ» አሉኝ። «በክፍሉ ውስጥ የሚከራከረኝ ሌላ የለም።»

ተረጎምኩ። አባትየው በኦሮምኛ፣ «እኛም ቤት ሌላ ተከራካሪ የለም፤ እስቲ ይውሰዷት» አሉ። ከዚያ ወዲህ ሂንዲያ የክፍል ሰዓት ሲያመልጣት መምህርቷ በማግሥቱ ፀሐይ ሳትጠልቅ የሠራተኞች አውቶቡስ መውረጃው ጋ ጃንጥላ ዘርግተው ይጠብቋት ነበር። እዚያው ድንጋይ ላይ ተቀምጠው ያመለጣትን ያስተምሯታል። አላፊ አግዳሚው እናትና ልጅ የሚጣሉ ይመስለው ነበር።

ልፋታቸውን በምን ከፈለቻቸው መሰላችሁ? በሙግት። አንድ ቀን በክፍሉ መሃል እጇን አወጣች።

«ቲቸር፣ በሴሎቻችን ውስጥ ያለው የብረትና የድኝ ቁርኝትስ? መጽሐፉ ክላስተር ይለዋል። ብረቶቹን የሚያገናኛቸው ግን ድኙ ነው። ደላላው!»

መምህርት እቴነሽ ጠመኔያቸውን አስቀመጡ። «ጊዜ ስጪኝ» ብለው ወጡ። ያን ሳምንት ያገኘናቸው ከመጽሐፍ ጋር ብቻ ነው። ከዚያ ተመልሰው በሁሉም ፊት እንዲህ አሉ፤ «ሂንዲያ ልክ ናት። ሊቃውንቱ ራሳቸው በአጠቃቀሙ አንድ አይደሉም። አንዳንዱ ብረት ከብረት በቀጥታ የተያያዘውን ብቻ ይላል፤ አንዳንዱ በድልድይ የተገናኘውንም ይጨምራል። እኔ ከፊተኞቹ ወገን ነኝ። ግን የኋለኞቹን ልደብቅባችሁ አልችልም።»

«ታዲያ ጉንጉን ይቀራል ማለት ነው?» አለች ሂንዲያ፤ ድምፅዋ ያሸነፈ ሰው ድምፅ አልነበረም።

«ለምን ይቀራል? ሪባን ገብቶበት የተጎነጎነ ፀጉር ጉንጉን መሆኑ ቀረ እንዴ?»

ይህን ሲነግሩኝ ቃሉን ያገኘሁት እኔ በመሆኔ ቁመቴ ጨመረ። ዘለላም ክምችትም ያን ያህል መሸከም አይችሉም ነበር። ልቤ ስለሞቀ፣ «ይህ ነገር እኮ ድሬን ይመስላል። ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ ሐረሪው፣ አማራው፣ ጉራጌው...» ብዬ ጀመርኩ።

«ያቁሙ!» አሉኝ። «ኬሚስትሪዬን ስብከት አያድርጉብኝ። አቶም ዘር የለውም፤ የእድር መዋጮም አይከፍልም። ያዩትን ይናገሩ፣ የተመኙትን አይናገሩ።»

አቆምኩ።

ሕመማቸው ሲጠና በየቀኑ ከሰዓት በኋላ እየሄድኩ ከዛፉ ሥር አጠገባቸው እቀመጥ ነበር። አንድ ቀን እንዲህ አሉኝ፤ «አቶ ጌታቸውን ያውቋቸው የለ? የእድራችንን ጸሐፊ? የሕይወት ታሪኬን የሚያነቡት እርሳቸው ናቸው። ደግ ሰው ናቸው፣ ጠንቃቃም ናቸው። በጥንቃቄያቸው ብዛት ቃሉን ከመፍቻው ይወስዱታል። ዕድሜ ልኬን የተሟገትኩትን ነገር ዕድሜ ልኬን በተሟገትኩት ቃል ይቀብሩብኛል። እኔ ደግሞ ያን ቀን መልስ አልሰጥም።»

«እኔ እሰጣለሁ» አልኳቸው።

«አንቱ? በቤተ ክርስቲያን ቅጥር ግቢ?»

«በግቢውም፣ በደጁም።»

«ያዋርዱኛል» አሉ፤ ግን ፈገግ ብለው ዓይናቸውን ጨፈኑ።

እንግዲህ የቀብሩን ዕለት ታስታውሳላችሁ። ጸሎቱ አልቆ፣ አቶ ጌታቸው ክራቫታቸውን አስተካክለው ማንበብ ጀመሩ። ልደታቸውን፣ የባቡር ሠራተኛ አባታቸውን፣ ትምህርታቸውን አነበቡ። ከዚያ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣ «በብረት ክምችት ጥናትም የሁለተኛ ዲግሪያቸውን በከፍተኛ ማዕረግ...» አሉ።

አጠገቤ የቆሙ አንዲት እናት ወደ ጎረቤታቸው ዞረው፣ «ቆራሌ ነበሩ እንዴ? እኔ መምህርት ይመስሉኝ ነበር!» ብለው አንሾካሾኩ።

ከዚህ በላይ መታገሥ አልቻልኩም። ዱላዬን አነሣሁ።

«ክምችት አይደለም! ጉንጉን ነው!»

ሰዉ ሁሉ ዞረ። አቶ ጌታቸው መነጽራቸውን ዝቅ አደረጉ። «ጋሽ አብዲ፣ እባክዎ፤ ቀብር ላይ ነን።»

«ቀብር ስለሆነ ነው! ነገ ብነግርዎ ምን ይጠቅማቸዋል?»

«እኔ ያነበብኩት በመፍቻው ላይ የጸደቀውን ነው። ከራሴ አልጨመርኩም።»

እዚህ ላይ እውነቱን ልንገራችሁ፤ ያን ሁሉ ዓመት ያስጠኑኝ ሎሚና ስቴኪኒ፣ ወይንና መቀስ ከራሴ ላይ ጠፋ። ከራሴ ላይ የጠፋው የመጀመሪያው ነገር አይደለም። ከሴቶቹ መሃል ሂንዲያ ወጣች። ዛሬ የላቦራቶሪ ባለሙያ ናት፤ ድምፅዋ ግን ያው የክፍሉ ድምፅ ነው።

«ጋሽ ጌታቸው፣ ከዚህ ቀጥሎ ያለው መርሐ ግብር ምንድን ነው?»

አቶ ጌታቸው ወረቀታቸውን አዩ። «የአበባ ጉንጉን ማስቀመጥ።»

«የአበባ ክምችት ለምን አላሉትም?»

አቶ ጌታቸው ወደ አበባው ተመለከቱ። አበባዎቹ አንዱ በአንዱ ውስጥ አልፎ፣ አንዱ አንዱን ይዞ ክብ ሠርተዋል።

«ይህማ ቢከመር ይበተናል» አሉ ቀስ ብለው፤ ለእኛ ሳይሆን ለራሳቸው።

ከዚያ ከደረት ኪሳቸው እስክሪብቶ አውጥተው አንዱን ቃል ሰረዙ፤ ከላዩ ሌላ ጻፉ። ጉሮሯቸውን ጠርገው ዓረፍተ ነገሩን ከመጀመሪያው አነበቡት። «በብረት ጉንጉን ጥናትም...» ሲሉ ከኋላ በኩል ያ ሁሉ የድሮ ተማሪ፣ በቀብር ላይ እንደማይሳቅ ረስቶ፣ እያለቀሰ ሳቀ። አበባውን ያስቀመጠችው ሂንዲያ ናት።

መፍቻው እንደገና ሊታተም ነው የሚል ወሬ አለ። ለአዘጋጆቹ ከወዲሁ የምለው ይኸው ነው፤ ቃሉን ብታስገቡት ደግ፣ ባታስገቡትም እኛ አንተወውም። ተማሪዎቻቸው ዛሬ በየትምህርት ቤቱ አስተማሪ ሆነዋል፤ ሰሌዳው በእጃቸው ነው። ከስንቱ እጅ ጠመኔ ይነጠቃል? እኔም ገና አልሞትኩም። ቢረሳኝም የረሳሁትን የሚያስታውሰኝ አላጣም።

እንግዲህ መምህርት እቴነሽ፣ የመጨረሻው ሙግት ያለ እርስዎ ተካሂዶ ተፈረደልዎ። አላዋረድኩዎትም፤ ትንሽ ብቻ። ስብከት እንዳላደርገው ከልክለውኛልና አልሰብክም። ያየሁትን ብቻ ልንገርዎ። አስከሬንዎን ከቤት ስናወጣ በአንዱ ወገን የእድርዎ ሰዎች፣ በሌላው ከመጋላ የመጡ የእኛው እድር የአፎቻችን ሰዎች፣ ከኋላ የሃሊማ ባልና የሂንዲያ አባት ነበሩ። እኔም ካልያዝኩ ብዬ ገባሁ፤ ከልካይ ያጣ ሽማግሌ። በሩ ላይ እግሬ ጠጠር ረገጠና ተንሸራተተ። ከግራ አቶ ጌታቸው፣ ከቀኝ የሂንዲያ አባት ብብቴን ያዙኝ፤ የእነርሱን ትከሻ ደግሞ ሌሎች ያዙ። ሳጥኑ አልተነቃነቀም፤ እኔም አልወደቅሁም። ማንም ማንንም እንዲይዝ አላዘዘም። ይህ ምኞት አይደለም እቴነሽ፤ ያየሁት ነው።

ለዚህ አንድ ጊዜ አንቺ ልበልሽ፤ ተቆጥተሽ አትመልሽልኝ እንጂ። ደህና ሁኚ። አፈሩ ይቅለልሽ፤ ቃልሽን ይዘነዋል።